የቲቸር አቡጀዴ

አስቀድሜ ልናዘዝ፤ አቡጀዴውን ከወሰዱት አምስት ተማሪዎች አንዱ እኔ ነኝ። የቤቱ ቁልፍ የት እንደሚቀመጥ የማውቀው እኔ ነበርኩ፤ መፈክሩን የጻፍኩትም እኔ። ስለዚህ «አንዱ» ማለቴ ራሱ ጥፋቴን ለአምስት ማካፈሌ ነው።

ከአዲስ አበባ በስተሰሜን ባለች፣ ጉም በማይለያት አንዲት የደጋ ከተማ ሁለተኛ ደረጃ ስማር ሒሳብ ያስተማሩን ህንዳዊ ነበሩ። ያኔ የህንድ አስተማሪ የሌለበት ትምህርት ቤት ማግኘት ይከብድ ነበር፤ ስማቸውንም ማንም አይጠራ፣ ሁሉም «ቲቸር» ናቸው። የእኛ ቲቸር ቀጭን፣ ብርዱን ፈርተው ሁለት ሹራብ የሚደርቡ ሰው ነበሩ። ከአማርኛ የሚያውቁት አራት ቃል ብቻ ነው፤ ተነስ፣ ቁጭ በል፣ ዝም በል፣ ጻፍ። ደብተራችንን ሰብስበው ሲያዩ ከገጹ ግርጌ በቀይ እርሳስ በእንግሊዝኛ «ሲን» ብለው ይጽፉና ይፈርማሉ፤ ቀኑንም ያኖሩበታል። «አይቼዋለሁ» ማለት ነው። ልክ ነው አይሉ፣ ተሳስተሃል አይሉ። ማየት ብቻ ምን ይፈይዳል እያልን እንስቅባቸው ነበር።

የክፍል አለቃ ስለነበርኩ ደብተሮቹን ተሸክሜ ቤታቸው የማደርሰው እኔ ነበርኩ። ከበሩ አልፌ ግን አልገባም። ከዚያ ሆኜ የማየው በእንጨት ላይ ተወጥሮ ግድግዳውን የሞላ ነጭ አቡጀዴ ነው። ኖራና የተፈጨ ጠመኔ በሙጫ ለውሰው ይቀቡታል፤ ሲደርቅ እንደገና ይቀቡታል። እኚህ ሰውዬ ሥዕሉን የሚጀምሩት መቼ ነው እያልኩ እገረም ነበር።

የተማሪው ረብሻ ሲነሳ ለሰልፉ ጨርቅ ጠፋ፤ ሱቁ ሁሉ ተዘግቷል። ቲቸር ቤት ሞልቷል ያልኩት እኔ ነኝ። እሳቸው አዲስ አበባ ወርደው ነበርና ቁልፉን መስኮቱ ሥር ካለው ጣሳ አንስቼ ከፈትኩ። ዘጠኝ ነበሩ፤ ሁሉንም ከእንጨታቸው ላይ ገነጠልናቸው። እጅ ጽሑፌ ያምራል እየተባለ ስለሚወራልኝ በጥቁር ቀለም «መሬት ላራሹ» ብዬ ጻፍኩባቸው። ቀለሙን እንደዚያ የሚቀበል ጨርቅ ከዚያ በፊትም ከዚያ ወዲህም አላጋጠመኝም። ሰልፉን ፖሊስ በተነው፤ ጨርቁ ጭቃ ውስጥ ቀረ። በወሩ ቲቸር አገሩን ለቀው ሄዱ። ፈርተው ነው ተባለ፤ እኔም ረሳኋቸው።

በዘጠናዎቹ መጀመሪያ ፍራንክፈርት ነበርኩ። መሐንዲስ ልሆን መጥቼ ሐውስማይስተር ሆኜ ቀረሁ፤ ጉትሎይትፊርቴል በሚባል ሰፈር ወንዙ አጠገብ ያለውን የአንድ አሮጌ መጋዘን ማሞቂያ፣ ቁልፍና ደረጃ የምጠብቅ እኔ ነኝ። ላይኛው ፎቅ ለሠዓሊዎች ይከራያል። አንድ ሰኞ አዲስ ተከራይ ዕቃ ሲያስገባ ልረዳ ወጣሁ። ሁለት ሹራብ የደረቡ ቀጭን ሽማግሌ ከየት አገር እንደመጣሁ በእንግሊዝኛ ጠየቁኝ። ኢትዮጵያ አልኳቸው። ፊታቸው በራ፤ ወደ አንድ ዝቅተኛ በርጩማ እያመለከቱ፣

«ቁጭ በል» አሉኝ።

ቲቸር ናቸው። ተቀመጥኩ። እኔን አላወቁኝም። ያኔ ጎፈሬ ነበርኩ፤ አሁን መላጣ ነኝ፣ ቦርጭም አውጥቻለሁ። መናገር የነበረብኝ ያን ደቂቃ ነበር። ተወልጄ ያደግኩት አዲስ አበባ ነው አልኩ። አፌ ቀደመኝ እንዳልል፣ አስቤ ነው የዋሸሁት።

ከዚያ ወዲያ በየሐሙሱ ምሳ ላይ ሩዝና ምስር ያበሉኝ ጀመር። እየበላሁ ሕይወታቸውን ይነግሩኛል። የተወለዱት በደቡብ ህንድ፣ ባሕር ዳርቻ ባለ መንደር ነው። አባታቸው መሐንዲስ እንዲሆኑ ሲፈልጉ እሳቸው ተደብቀው ማድራስ ሥነ ጥበብ ትምህርት ቤት ገቡ። ያኔ የሚሥሉት እንደ ጓደኞቻቸው በቀይና በቢጫ ነበር፤ የሚገዛቸው ግን አላገኙም። ለእንጀራ ብለው ኢትዮጵያ ሄደው ሒሳብ አስተማሩ። እዚያ ጉሙን አዩ። ጠዋት ክፍል ሲገቡ በመስኮት የገባው ጉም ተማሪዎቹን ከፊል ሸፍኗቸው ሲያዩ ቀይና ቢጫውን ጣሉ። የራሴን ሥዕል ያገኘሁት እዚያ ነው አሉኝ። ጀርመን ከመጡ በኋላ ጻይልስሃይም የሚባል ሰፈር ተከራይተው እዚያው አቅራቢያ ባለ የኬሚካል ፋብሪካ ውስጥ ቀለም ሲቀምሙ ኖሩ፤ በዕረፍታቸው ቀን ነጭ በነጭ ላይ እየሣሉ። ተቺዎች ያወቋቸው ጡረታ ሊወጡ ሲሉ ነው።

አንድ ቀን በርጩማው ላይ አስቀምጠውኝ ከሥዕሎቻቸው አንዱን መስኮቱ አጠገብ አቆሙልኝ። ቆሞ ፊት ለፊት ለሚያይ ባዶ ነው፤ ዝቅ ብሎ ከጎን ለሚያይ ግን ብርሃኑ ሲያርፍበት ኮረብታ ይወጣል፣ ቤት ይወጣል፣ ሰው ይወጣል። የሩዝ ሳህኔን ወለሉ ላይ አስቀመጥኩ። የገነጠልናቸው ዘጠኙም ሥዕሎች ነበሩ።

የዚያን ዓመት አንዲት የጋለሪ ባለቤት የሕይወት ዘመን ሥራቸውን ልታሳይ ተነሳች። የኢትዮጵያዎቹ ዓመታት ብቻ ባዶ ሆኑባት። ከዘጠኙ አንዲት ቁራጭ ግን ቲቸር ከትምህርት ቤቱ በር ላይ፣ ከጭቃ ውስጥ አንስተው አጥበው፣ አገር ላገር ይዘዋት ዞረዋል። አንድ ሐሙስ አውጥተው ግድግዳው ላይ ሰቀሏት። የእኔ ጽሑፍ አለባት። የተሰቀለችው ተዘቅዝቃ ነው። ፊደሉ ተገልብጧል ስላቸው ሳቁ፤ ጥቁሩ ሥዕሉን ሸፍኖብኝ ይህን ሁሉ ዘመን በአናቷ አቁሜያት ኖሬያለሁ እያሉ አቃኗት። ከዚያ ሳቁን ተዉት።

«ልጆቹ ይጠሉኝ ነበር ብዬ አስብ ነበር» አሉ። «ቢጠሉኝም ግድ የለኝም። አንድ ነገር ብቻ ማወቅ እፈልጋለሁ። ከመቅደዳቸው በፊት ሥዕሎቹን አይተዋቸው ይሆን?»

እውነቱን ብናገር ምን ልል ነው? አልጠላንዎትም፤ ባዶ ጨርቅ መስሎን ነው። የትኛው እንደሚብስ አላውቅም ነበር፤ አሁንም አላውቅም።

«አይተዋቸዋል እንጂ» አልኩ።

ፊደሎቹ በከፊል ስለለቀቁ፣ ለጋለሪዋ ሴትዮ እንዲሆን ሙሉውን ወረቀት ላይ እንዳሰፍርላቸው እርሳስ ሰጡኝና «ጻፍ» አሉኝ። ጻፍኩ። እጄ ልማዱን አልረሳም። የ«ራ»ን እግር ከልክ በላይ አስረዝሜ ከጎረቤቷ ሥር እዘረጋታለሁ፤ ከልጅነቴ ጀምሮ እንደዚያ ነው። ቲቸር አማርኛ ማንበብ አይችሉም፤ መስመር ግን ያያሉ። ወረቀቱን ወስደው ከጨርቁ አጠገብ ያዙት። አንዴ ወደዚያ፣ አንዴ ወደዚህ አዩ።

ተነሳሁ። «ቴርሚን አለኝ» አልኩ። ቀጠሮ የሚባል ነገር አልነበረኝም። በዚህ አገር ግን ይህን ቃል የጣለ ሰው የሚከለክለው የለም፤ ደረጃውን ሁለት ሁለቱን ወረድኩ።

በሚቀጥለው ሐሙስ ፈራ ተባ እያልኩ ስወጣ ሩዙ ቀርቧል፣ እንደ ወትሮው አወሩኝ። አላወቁም ብዬ ተነፈስኩ፤ እንዲያውም ደፈርኩ። ልጆቹ ከሌላ ትምህርት ቤት የመጡ ሊሆኑ ይችላሉ አልኳቸው። አንገታቸውን ነቀነቁልኝ። የኤግዚቢሽኑ ቀን የጋለሪዋ ባለቤት ጽሑፉን ማን እንደጻፈው ስትጠይቃቸው «ተማሪዎቼ» አሏት። አጠገባቸው ቆሜ ጫማዬን አያለሁ።

በክረምቱ ሳንባቸውን ታመው ሆስፒታል ገቡ። ሁለት ጊዜ ልጠይቃቸው ሄድኩ፤ ሁለት ጊዜም ልነግራቸው አፌን ከፍቼ ስለ ማሞቂያው አወራሁ። ለሦስተኛው ሳልደርስ አረፉ።

ክፍሉን የማስረክበው እኔ ስለሆንኩ፣ እሳቸው በሌሉበት ቤታቸውን ለሁለተኛ ጊዜ በቁልፍ ከፈትኩ። ከኤግዚቢሽኑ የተመለሰችው ጨርቅ መስኮቱ አጠገብ ተሰቅላለች። ከሥሯ የጻፍኩት ወረቀት በመርፌ ተይዟል። ግርጌው ላይ በቀይ እርሳስ «ሲን» ይላል። ፈርመውበታል፤ ቀኑንም አኑረዋል። ቀኑ ቴርሚን አለኝ ብዬ የሮጥኩበት ያው ሐሙስ ነው። ከዚያ በኋላ ያበሉኝን ሩዝ ሁሉ አውቀው ነው ያበሉኝ። ስዋሽ አንገታቸውን የነቀነቁልኝም አውቀው ነው።

በርጩማውን ስቤ ማንም ሳያዘኝ ቁጭ አልኩ። ቀኑ እየመሸ ብርሃኑ ከጎን መጣ። ከጥቁር ፊደሎቼ ሥር መጀመሪያ አግዳሚ ወንበሮች ወጡ፤ ቀጥሎ ተራ በተራ የተቀመጡ ልጆች፣ ወገባቸው በጉም ተሸፍኖ። የ«ራ» ረጅም እግር ከልጆቹ በሁለቱ ፊት ላይ አልፏል። ማንነታቸውን ለመለየት እስኪጨልም ድረስ ሞከርኩ፤ አልቻልኩም።