ለተራራው የተሠራ ባና

ልጅ ሳለሁ የእህቴን ስም ትርጉም የማውቅ ይመስለኝ ነበር። እህቴ ጣርማ ትባላለች። በኛ አገር የሺም፣ ዘነበችም፣ አስካለም ሞልተዋል፤ ጣርማ የምትባል ሴት ግን ከእሷ ሌላ እስከ ዛሬ አላጋጠመችኝም። ቃሉ ራሱ ምን ማለት እንደሆነ ሽማግሌዎችን ጠይቄ የአንዱ መልስ ከሌላው አልገጥም ስላለኝ፣ እሱን ትቼ እርግጠኛ የሆንኩበትን ብቻ ልጻፍ። ስሙ የመጣው ከደብረ ሲና በላይ፣ መንገዱ በዋሻ ከሚያልፍበት ከጣርማ በር ተራራ ነው። እንዴት እንደመጣ ያኔ የሰማሁት ግን በተረት ነበር።

ቤታችን ከተራራው ሥር፣ ተዳፋቱ ላይ ነበር። አባዬ የደጋ ሰው ለብርድ የሚደርበውን ወፍራም የበግ ጠጉር ልብስ፣ ባና፣ ይሠራል። ጠጉሩን የምትፈትልለት ታላቅ እህቱ እትዬ በላይነሽ ነበረች፤ እኛን ያሳደገችንም እሷ ናት። ማታ ራት ከተበላ በኋላ ኩራዙን ከምሰሶው ላይ አንጠልጥላ፣ እንዝርቷን ይዛ ከፍሙ አጠገብ ትቀመጣለች። የኩበቱ ጭስ ከጠጉሩ ሽታ ጋር ተቀላቅሎ ዓይናችንን እያስለቀሰን ሳለ፣ ጣርማ ጉልበቷ ሥር ገብታ «እትዬ፣ የስሜን» ትላታለች። የስሜን ተረት ንገሪኝ ማለቷ ነው። ያኔ አባዬ ብድግ ብሎ ይወጣል። በጎቹን ሊያይ ይመስለኝ ነበር።

«ጣርማ ሁሉ የሞላለት ተራራ ነበር» ትላለች እትዬ። «በግ አለው፤ ገብስ አለው፤ ውሃ አለው። የሌለው ልብስ ብቻ ነው። እናም ይበርደዋል። አንድ ቀን እናታችሁ በዚያ ስታልፍ መንገዱን ያዘባትና ‹ያንን ነጠላሽን አልብሺኝ› አላት። ‹በነጻ?› አለችው።»

እዚህ ላይ ሁልጊዜ እንስቃለን።

«‹በነጻማ አይሆንም፤ ሴት ልጅ እሰጥሻለሁ› አላት። ነጠላዋን አውልቃ አለበሰችው፤ እሱም ጣርማዬን ሰጣት። ጠዋት ጠዋት ከላይ ነጭ ሆኖ የምታዩት ጉም አይደለም፤ የእናታችሁ ነጠላ ነው።»

«እማዬስ ለምን አትመጣም?» ትላለች ጣርማ፣ መልሱን እያወቀችው።

«እንዴት ትምጣ! እዚያ ላይ ነፋሱ ኃይለኛ ነው። ነጠላው እንዳይበርበት ጫፉን ይዛለታለቻ።»

እኔ ከጣርማ እበልጣለሁ። እናታችን በቃሬዛ ላይ ሆና፣ ባና ለብሳ፣ በሰዎች ትከሻ ወደ መኪና መንገዱ ስትወጣ አስታውሳለሁ፤ ወይም በኋላ ሲወራ ሰምቼ ያየሁ መስሎኝ ይሆናል፤ ለይቼ መናገር አልችልም። ምጡ ጠንቶባት ወደ ደብረ ብርሃን ሆስፒታል እየወሰዷት ነበር። ጣርማ በር ላይ ጉሙ መንገዱን ዘግቶ መኪናው ቆመ። እህቴ እዚያው መኪናው ውስጥ ተወለደች፤ እናቴ እዚያው አረፈች። ከልቅሶው በኋላ ጎረቤቶች አባዬን «ሀዘንህን ታስረሳህ፤ ማስረሻ በላት» አሉት። በኛ ዘንድ እንዲህ ነው የሚደረገው። አባዬ ግን «ምኗን ልርሳ?» ብሎ ጣርማ አላት። እትዬ ደግሞ ልጅቷ ሕፃን እስከሆነች ድረስ እውነቱን ማንም እንዳይነግራት መንደሩን ሁሉ ለመነች። የሰፈር ልጆች እንኳ «ጣርማ በር ተዘጋ! መኪና አያልፍም!» እያሉ ያበሽቋት ነበር እንጂ ከዚያ አያልፉም።

አንድ ሰሞን ጣርማ ባና ይሠራልኝ ብላ አባዬን ነዘነዘችው። «ትልቅ ይሁን፤ ከባድ ይሁን» ትለዋለች። «አንቺን የምታክል እንጂ ጎተራ የምታለብስ ባና አልሠራም» እያለ እየሳቀ ሠራላት። ሲስቅ ብዙም አይቼው ስለማላውቅ ያ ሳቁ ትዝ ይለኛል። ለምን እንደፈለገችው ማናችንም አልጠየቅናትም።

ከዚያ እትዬ ባናዎች ልትሸጥ ወደ ደብረ ብርሃን ስትሄድ እኛንም ይዛን ወጣች። ጣርማ የራሷን ባና አቅፋ፣ አስቀምጪው ብትባል እምቢ አለች። ቅጥቅጡ አውቶቡስ ውስጥ አጠገባችን የተቀመጡ እናት ስሟን ጠየቋት።

«ጣርማ።»

«ኧረ በስመ አብ! እንደ ገደሉ? ምነው ልጄ፣ አባትሽ ስም አጡ?»

«እናቴ እዚያ ናት» አለች ጣርማ ኮራ ብላ። ሴትዮዋ እትዬን አዩ፤ እትዬ በመስኮት ወደ ውጭ ታያለች። 

ዋሻው አፍ ልንደርስ ስንል ጉሙ ወረደ። ሾፌሩ ጥግ ይዞ አቆመ፤ እስኪገለጥ እግራቸውን ሊያፍታቱ የወረዱ ነበሩ። ጣርማ በሰዎቹ መሃል ሹልክ ብላ ወረደች። ተከትለናት ስንወርድ ባናዋን መንገዱ ዳር ካለ ቋጥኝ ላይ እየዘረጋች፣ በትንንሽ እጆቿ ጫፍ ጫፉን እየጎተተች ስታስተካክል አገኘናት። ከዚያ ቀና ብላ ወደ ነጩ ጉም ጮኸች።

«እማዬ! ልቀቂው! ባና አምጥተንለታል! ባና ነፋስ አይወስደውም!»

ሴትዮዋ በነጠላቸው ጫፍ አፋቸውን ያዙ። እትዬ ባለችበት ቆመች።

ቀጥሎ የሆነውን ብዙ ጊዜ አስቤበታለሁ። ጣርማ በር ላይ ጉም እንደሚወርደው ሁሉ ድንገት ይገለጣል፤ በየቀኑ የሚሆን ነገር ነው። ያን ቀን ግን ልክ እሷ እንደጮኸች ነፋስ መጣና ጉሙን ከገደሉ ላይ ገፈፈው። ተራራው ራቁቱን ቀረ።

«ለቀቀችው!» አለች ጣርማ። ፊቷ ላይ የነበረውን ደስታ መግለጽ አልችልም። ፀጉሯን በመዳፏ ዳበስ ዳበስ አድርጋ፣ ቀሚሷን አራግፋ፣ ወደ መንገዱ ዞራ ቆመች። የእማዬን መምጫ ታያለች። እኔም፣ ሁሉን አውቃለሁ የምለው ልጅ፣ አብሬያት አየሁ።

መንገዱ ባዶ ነበር። ሾፌሩ ክላክስ ነፋ። ደገመ።

እትዬ ከፊቷ ተንበረከከች። «ጣርማዬ፣ እናትሽ አትመጣም። አንቺን እንደወለደች እዚህ ሞተች፤ የተቀበረችው ቤተ ክርስቲያናችን ነው። ተረቱን እኔ ነኝ የፈጠርኩት፣ ልጄ።»

ጣርማ አላለቀሰችም። እትዬ ቋጥኙ ላይ የቀረውን ባና ልታነሳ ስትል ብቻ እጇን ያዘቻት። «ተይው። ይበርደዋል» አለች።

ከዚያ ማታ ጀምሮ «የስሜን» ያለ የለም። እንዝርቱ ይዞራል፤ ፍሙ ይከስላል፤ አባዬ ግን ከዚያ በኋላ ተነስቶ አልወጣም።

አሁን ጣርማ ደብረ ብርሃን ነው የምትኖረው። የስሟን ነገር ሲጠይቋት «የቦታ ስም ነው» ትልና ወሬ ትለውጣለች። ዘንድሮ እትዬ በላይነሽ ስታርፍ ለቀብር መጥታ ነበር፤ ለቀስተኛው ከተበተነ በኋላ ምድጃው አጠገብ ሁለታችን ብቻ ቀረን። ያን ቀን ታስታውሺዋለሽ ወይ ብዬ ጠየቅኋት፤ መጠየቄ ልክ ይሁን አይሁን እስከ አሁን አላውቅም።

«ተረት መሆኑን ስትነግረኝ አልከፋኝም» አለች። «የከፋኝ ክላክሱ ነው። ትንሽ ቢጠብቁን ኖሮ ትመጣ ነበር ብዬ ስንት ዓመት አሰብኩ መሰለህ።»

ስለ ስሟ የማውቀው ይኸው ነው። ጉም ጉም እንደሆነ አውቃለሁ፤ የእናቴንም መቃብር አውቃለሁ። ሆኖም ጣርማ በር ላይ መኪናው በጉም በቆመ ቁጥር፣ ነጩ ከገደሉ ላይ እየተገፈፈ ሲሄድና የሾፌሩ እጅ ወደ ክላክሱ ሲዘረጋ፣ ያኔ ሳልል የቀረሁት ቃል ከአፌ ሊወጣ ይደርሳል፦ ጋሼ፣ ትንሽ ይጠብቁን።