ሾፌሮች የሚቆሙበት ጥግ

እኔና ባለቤቴ ለመጨረሻ ጊዜ አብረን የሠራነው ሥራ የሰው ትውከት ማጠብ ነበር።

ዓርብ ነው፤ ራት በልተን ጨርሰናል። ባለቤቴ ሰዎችን ከቶሮንቶ ወደ ናያግራ የወይን እርሻዎች የሚወስድ ሾፌር ነበር። አካባቢው አረፋ ባለው ወይን ጠጁ ስሙ የታወቀ ነው። ጠዋት ደንበኞቹን ከቤታቸው ያነሣል፣ ቀኑን ሙሉ ከአንዱ መጥመቂያ ወደ ሌላው ያዞራቸዋል፣ ሲመሽ ሞቅ ብሏቸው ይመልሳቸዋል። የዚያን ዕለት አንዲት ሴት የኋላ ወንበሩ ላይ አስመልሳ፣ ይቅርታ እንኳን ሳትል ወርዳ ሄዳለች። መኪናው የድርጅቱ ነው፤ በማግስቱ ሌሎች ሰዎች ይቀመጡበታል። ስለዚህ ሙቅ ውሃ በባልዲ፣ ኮምጣጤና አሮጌ የጥርስ ብሩሽ ይዘን ወደ ሕንፃው ምድር ቤት ወረድን።

እሱ በስልኩ ያበራልኛል፣ እኔ የወንበሩን ስፌት እፈትጋለሁ። ወይን ጠጅ ሆድ ውስጥ ከአይብ ጋር ቆይቶ ሲወጣ ምን እንደሚሸት የማያውቅ ሰው ዕድለኛ ነው።

«ይቺ ሴትዮ ማኘክ የሚባል ነገር አልፈጠረባትም?» አልኩት።

«ቸኩላ ነዋ። ፎቶ ስትነሣ ነበር የዋለችው።»

«ትስቃለህ ደግሞ!»

«ምን ላድርግ? ሻምፓኝ እኮ ሲገባም አረፋ ነው፣ ሲወጣም አረፋ ነው።»

«ዝም ብለህ አብራ!»

ዝም አላለም፤ እየሳቀ አበራልኝ። ስንጨርስ ጎንበስ ብሎ ወንበሩን አሸተተና «አሁን የሚሸተው ያንቺ ሽንኩርት ብቻ ነው» አለኝ። በማግስቱ ጠዋት ምሳውን ቋጥሬ ሰጠሁት። ያንን ምሳ ሳይበላ ሞተ።

ምሳውን ሳይበላ እንደሞተ ያወቅኩት ዕቃው ሲመለስልኝ ነው። ድርጅቱ መነጽሩን፣ ኮፍያውንና ምሳ ዕቃውን በፕላስቲክ ከረጢት ላከልኝ። ምሳ ዕቃውን ስከፍተው ምግቡ እንደቋጠርኩት አለ፤ ላዩ በአረንጓዴ ሻጋታ ተሸፍኗል። መታጠቢያው ላይ ቆሜ ለረጅም ጊዜ አየሁት። መኪናው ውስጥ መብላት ተከልክሎ ነበር፤ የወጥ ሽታ ለደንበኞቹ አይስማማም ብለውታል። በረዶም ቢሆን ውጭ ቆሞ ነበር የሚበላው። የእነሱን ትውከት በጥርስ ብሩሽ ስናጥብ ግን ሽታው ለእኛ ይስማማን አይስማማን የጠየቀ የለም።

ከድርጅቱ ደውለው አንድ ወይን መጥመቂያ ውስጥ፣ መኪናው ላይ እንዳለ ሞቶ ተገኘ ያሉኝ ፀሐይ ልትጠልቅ ስትል ነው። እሱ የሞተው ከምሳ በፊት ነው። በመካከሉ የነበረው ጊዜ እንቅልፍ ነሣኝ። ለቀስተኛው ሁሉ ያጽናናኝ በአንድ ቃል ነበር፤ «ተኝቶ ነው ያረፈው።» የንስሐ አባታችንም፣ የዕድሩ ሰዎችም፣ የሥራ ጓደኞቹም ይህንኑ አሉ። «እንዲህ ያለው አሟሟት ለጻድቅ ነው የሚሰጠው» ያለችኝም አለች። እኔ መስማት የፈለግኩት እውነት መሆኑን ነበር። ተኝቶ ከሆነ እሺ። ካልሆነ ግን ብቻውን ነበር ማለት ነው፤ ውሃ የሚያቀብለው፣ ዓይኑን የሚከድንለት ሰው አጥቷል ማለት ነው። ወደ ወይን መጥመቂያው ደውዬ ብጠይቅ «የግል ጉዳይ ነው፣ በስልክ አንናገርም» አሉኝ። ለእንግዶቻቸው ግን ማውራት ሥራቸው ነው። ስለዚህ እንግዳ ሆኜ ለመሄድ ወሰንኩ።

ድርጅቱ አንድ ሰው ብቻውን አይወስድም፤ ቢያንስ ሁለት መሆን አለበት። ስለዚህ ሪጀንት ፓርክ ያለው ሕንፃችን ውስጥ፣ ከእኔ በር ፊት ለፊት የምትኖረውን ጓደኛዬን ለመንኳት።

«እመጣለሁ» አለች፣ «ግን ለወይኑ ነው የምመጣው። ለአንቺ እንዳይመስልሽ።»

ሙት ዓመቱ ሊደርስ ትንሽ ሲቀረው፣ ረቡዕ ቀን ሄድን። የወሰደን ሾፌር ከባለቤቴ ጋር ይሠራ የነበረ ጎልማሳ ነው፤ ልቅሶ ሲቀመጥልኝ የሰነበተ ሰው ነው። የመጣበትም መኪና ያው መኪና ነው። እንደ ልማዴ የፊተኛውን በር ከፈትኩ። የአገር ልጅ እየነዳ እኔ እንደ ሹም ከኋላ መቀመጥ አላውቅበትም።

«እትዬ፣ ደንበኛ ከኋላ ነው የሚቀመጠው» አለኝ እያፈረ።

«ማን ያየናል?»

«ካሜራ አለው። ይጮሁብኛል።»

ከኋላ ገባሁ። ስፌቱ ላይ ትንሽ ቢጫ መስመር ቀርታለች። አውራ ጣቴን አደረግኩባት።

«ምንድን ነው የምታሺው?» አለች ጓደኛዬ።

«የማይለቅ ነገር ነው።»

ሀይቁን በግራ በኩል እያየን ሀይዌዩን ጨረስነው። የሃሚልተንን ፋብሪካዎች ካለፍን በኋላ የወይኑ ተክል ጀመረ፤ ረድፍ በረድፍ፣ እንደ ተበጠረ ፀጉር። ሾፌሩ አንድ ትልቅ የድንጋይ ቤት በር ላይ አወረደንና መኪናውን ወደ ጓሮ ሊያዞር ተነሣ።

«አንተስ አትገባም?» አልኩት።

«እኛ ከኋላ ነው የምንቆመው። መኪና ከፊት ከታየ ፎቶ ያበላሻል ይላሉ።»

ውስጥ የተቀበለችን ነጭ ሸሚዝ የለበሰች፣ ጥርሷ የሚያበራ ወጣት ሴት ናት። ከላይ እስከ ታች ጥቁር ለብሻለሁ። አየችኝና «እንዴት ያምራል!» አለች። ቀጥላም «ዛሬ ምን እያከበራችሁ ነው?» አለችን። ጓደኛዬ ወደ እኔ ዞረች።

«ምንም» አልኩ።

«አንዳንዴ ምንም ሳይኖር ማክበርም ጥሩ ነው!» አለችና ሳቀች።

ወደ ምድር ቤቱ ይዛን ወረደች። ጠርሙሶቹ በእንጨት ላይ አንገታቸውን ወደ ታች ደፍተው ተደርድረዋል። ወይን ጠጁ ጠርሙሱ ውስጥ እንደገና እንደሚፈላ፣ እርሾው ሲሞት ቀስ በቀስ ወደ አንገቱ እንደሚወርድ አስረዳችን። ከዚያ አንገቱን በቅዝቃዜ በረዶ ያደርጉትና ክዳኑን ይከፍቱታል፤ አረፋው የሞተውን እርሾ ገፍቶ ያስወጣዋል። «ፑፍ!» አለች በእጇ እያሳየች። «የሞተው ሁሉ ይወጣና ንጹሑ ይቀራል።» የሞተ የሚለውን ቃል እንዲህ ፈገግ እያለ የሚናገር ሰው ከዚያ በፊት አላጋጠመኝም። እኛ አተላ እንለዋለን፤ ለከብት እንሰጠዋለን እንጂ ተሰልፈን አናደንቀውም።

ላይኛው አዳራሽ ጠረጴዛ ሰጡን። ብርጭቆ ተደረደረ፤ አይብና የአሳማ ሥጋ በሰፌድ በሚያህል እንጨት መጣ። አይቡ ያልታጠበ እግር ይሸታል።

«ረቡዕ ነው» አልኳት ጓደኛዬን።

«መንገደኛ ጾም አይገደድም።»

«ከሪጀንት ፓርክ መጥተሽ ነው መንገደኛ የሆንሽው?»

«ሀይዌይ አቋርጫለሁ እኮ!» አለችና አንዱን ቁራጭ ጎረሰች። ፊቷ ተኮማተረ፤ ግን ዋጠችው።

አጠገባችን ያሉት ወንዶች ብርጭቆውን ያሽከረክራሉ፣ አፍንጫቸውን ይነክራሉ፣ ከዚያ አፋቸው ውስጥ እንደሚጉመጠመጥ ሰው ያንቦጫቡጩትና ጠረጴዛው ላይ ባለ የብር ዕቃ ይተፉታል። ምራቁ እንደ ክር እየተሳበ። ምግቡ እዚያው አጠገቡ ነው። እኛ ቤት ሰው ገበታ ላይ ሲያስነጥሰው እንኳን ፊቱን ያዞራል።

«ሊተፉት ነው ይህን ሁሉ መንገድ የመጡት?» አለች ጓደኛዬ።

ያቺው የተቀበለችን አስተናጋጅ ለእኛም ቀዳችልንና «አሽቱት እስኪ፣ አዲስ የወጣ ዳቦ አይሸታችሁም?» አለች። አሸተትኩት። እኔን የሸተተኝ ያ የወንበር ስፌት ነው። ብርጭቆውን መልሼ አስቀመጥኩት።

ከዚያ የመጣሁበትን ጠየቅኩ። «ባለፈው ዓመት በዚህ ወቅት እዚህ አንድ ሾፌር ሞቷል ሲባል ሰምቼ ነበር» አልኳት።

ዓይኗ ፈጠጠ። ወሬው የሚጣፍጣት መሆኑን አየሁ። ወንበር ስባ ተቀመጠች።

«አቤት፣ ያን ቀን! እኔ ነበርኩ እኮ ተረኛዋ። ለሳምንት እንቅልፍ አልወሰደኝም። ይዟቸው የመጣው ባልና ሚስት የጋብቻቸውን በዓል ሊያከብሩ ነበር፤ አስቡት እስኪ። ምሳቸውን በልተው፣ ጣፋጩንም በልተው ሲወጡ ሾፌሩ የለም። ስልኩ ይጠራል፣ አያነሣም። ተናደዱ። በኋላ ነው ያገኘነው። ቀናቸው ተበላሸ፤ ማካካሻ ሁለት ጠርሙስ ሰጠናቸው።»

«ቀደም ብሎ ያየው ሰው አልነበረም?»

«ማየትማ ሁላችንም አይተነዋል» አለች። «እኔ ራሴ ጠርሙስ ልጥል ስወጣ ሁለት ጊዜ በአጠገቡ አልፌያለሁ። ወጥ ቤት የሚሠሩትም አይተውታል። ግንባሩን መሪው ላይ ደፍቶ ነበር። ሾፌሮች ሁልጊዜ ይተኛሉ፤ ደክሞት ነው ብለን ልንረብሸው አልፈለግንም።»

ባለቤቴ መኪና ውስጥ ሲተኛ ወንበሩን ወደ ኋላ ያስተኛና ኮፍያውን ዓይኑ ላይ ያደርጋል። የአንገቱ አጥንት የተጎዳ ስለሆነ አጎንብሶ መተኛት አይችልም ነበር። አንድም ቀን መሪ ላይ ተደፍቶ ተኝቶ አያውቅም።

ተኝቶ አልነበረም። ሰዎች በአጠገቡ ሲያልፉም መስታወቱን ያንኳኳ አልነበረም።

ጓደኛዬም ከእኔ እኩል ሰምታለች። በእንግሊዝኛ፣ አዳራሹ ሁሉ እንዲሰማ አድርጋ፣ «ሚስቱ ናት» አለች።

አስተናጋጇ ፊቷ ነጣ። ተነሣች፣ ወደ ውስጥ ሮጠች። ውሃ ልታመጣልኝ መስሎኝ ነበር። የተመለሰችው አንገቱ ላይ የወርቅ ቀለም ሪባን የታሰረበት ጠርሙስ ይዛ ነው። «ከሁላችንም» አለችና ፊቴ አስቀመጠችው።

«ለሰውየው አንድ ብርጭቆ ውሃ ያላቀረበ ቤት» አለች ጓደኛዬ በአማርኛ፣ «ለሚስቱ ጠርሙስ ያቀርባል?» ከዚያ ብርጭቆዋን አንሥታ ከወንዶቹ ጠረጴዛ ላይ ባለው ምራቅ ዕቃ ውስጥ ገለበጠችው። አንዱ ሰውዬ ጨዋ ሆኖ ዕቃውን አስጠጋላት።

ጠርሙሱን እዚያው ትቼ ወጣሁ። ቤቱን ዞሬ ወደ ጓሮ ሄድኩ። ጥጉ ከወጥ ቤቱ በር አጠገብ ነው፤ ከውስጥ ሳህን ሲጋጭ ይሰማል። በአንድ በኩል የቆሻሻ ገንዳዎች አሉ፣ በሌላው የተጨመቀ ወይን ልጣጭ ተቆልሎ ይፈላል። ንብና ትንኝ ወርሮታል። ሽታው ጉሮሮ ይይዛል። እሱ ምሳውን ቆሞ የሚበላው እዚህ ነበር ማለት ነው። ስለዚህ ሽታ አንድም ቀን አላማረረኝም።

መኪናው እዚያው ቆሟል። ሾፌሩ ራሱን መስታወቱ ላይ አስደግፎ፣ አፉን ከፍቶ፣ አይንቀሳቀስም። እንዴት እንደደረስኩ አላውቅም፤ መስታወቱን በሁለት እጄ ደበደብኩት። ዘሎ ተነሣ።

«ምነው እትዬ! ልቤን አቆሙት እኮ!»

በሩን ከፈተና ወጣ፤ ትከሻዬን ያዘኝ። ቆሻሻ የሚደፋ አንድ የወጥ ቤት ሠራተኛ አየንና አንገቱን ደፍቶ ተመለሰ። እሱም ሊረብሸን አልፈለገም መሰለኝ።

«ጋሼ ያን ቀን ያቆሙት እዚህ ጋ ነበር እንዴ?» አለኝ ቆይቶ።

«አዎ።»

ስንመለስ የፊተኛውን በር ራሱ ከፈተልኝና ካሜራውን በኮፍያው ሸፈነው። ጓደኛዬ ከኋላ ብቻዋን ተቀምጣ እስከ ከተማው ድረስ አንድ ቀልድ አልቀለደችም።

ቤት ስገባ ኮቴን ሳላወልቅ ወደ ወጥ ቤቱ መስኮት ሄድኩ። ባለቤቴ ከደንበኞቹ ጠርሙስ ክዳን ላይ የተጣለውን ማሰሪያ ሽቦ እየለቀመ ትንንሽ ወንበሮች ይሠራበት ነበር። መስኮቱ ላይ ክብ አድርጎ ይደረድራቸውና «ዕድሩ ተሰብስቧል» ይለኛል። ዓመቱን ሙሉ አቧራቸውን ስጠርግ ኖሬያለሁ። ያን ቀን ሁሉንም በእጄ ጠርጌ ቆሻሻ ውስጥ ከተትኳቸው። ከዚያ ቤት የመጣ ነገር ቤቴ ውስጥ እንዲቀመጥ አልፈለግኩም። ጓደኛዬ በኋላ ሰምታ «እጁ የሠራውን?» ብላ ተቆጣችኝ። ትቆጣ።

ለሌላ ለማንም ግን ያወቅኩትን አልነገርኩም። ተኝቶ ነው ያረፈው ሲሉኝ እሰማቸዋለሁ።

አሁን የቆመ መኪና ውስጥ መሪ ላይ ተደፍቶ የማየውን ሾፌር ሁሉ እቀሰቅሳለሁ። ዳንፎርዝ ጎዳና ላይም ይሁን፣ ቤተ ክርስቲያን በር ላይም ይሁን፣ በሕንፃችን ምድር ቤትም ይሁን፣ መስታወቱን አንኳኳለሁ። አንዳንዱ ይሰድበኛል፣ አንዳንዱ ለማኝ መስዬው እጁን ያወናጭፍብኛል። ዓይኑን መግለጡን አያለሁ፤ ከዚያ መንገዴን እሄዳለሁ።