በር ዘግተን ፐንቸር ስንስል

በውጊያው ምክንያት መንገዱ በተዘጋበት ሰሞን እንጅባራ የምሠራበት መዝገብ ቤትም ተዘጋ። የመጨረሻው ቀን የደነዘዙትን የወረቀት መብሻዎች፣ ፐንቸሮቹን፣ በፌስታል ጠቅልዬ ወደ ቤት ወሰድኳቸው። አዲስ ይመጣል ብሎ የሚጠብቅ አልነበረም። ባለቤቴ ለሥራ ባሕር ዳር ሄዶ እዚያው ቀርቷል። ቤት ውስጥ የነበርነው እኔና አማቴ ብቻ ነን፤ እሳቸውም ለሕክምና ከአዘና መጥተው መመለሻ አጥተው ነበር።

ሥራው ከባድ አይደለም። ብርጭቆ ወረቀት አጥፌ ደጋግሜ እበሳለሁ፤ ሻካራው ራሱ ስለቱን ይመልሰዋል። ከዚያ ውስጡ የተጠቀጠቀውን ብናኝ በመርፌ አወጣና ሞላው ላይ የስፌት መኪና ዘይት ጠብ አደርጋለሁ። ችግሩ ድምፁ ነበር። ቀጭ ባለ ቁጥር አማቴ ይደነግጣሉ።

«ጠመንጃ ሲያቀባብሉ ነው የሚመስለኝ» አሉኝ። «ተይው በቃ።»

ብተወው ቀኑን በምን እንደምገፋው አላውቅም። ኔትወርክ የለም፤ መስኮቱን በብርድ ልብስ ሸፍነነዋል። ጋቢ አጥፌ ከሥሩ አነጠፍኩና ቀስ እያልኩ ቀጠልኩ።

አንድ ጠዋት ተኩሱ ጋብ ሲል አማቴ ነጠላቸውን ተከናንበው፣ ከዘራቸውን ይዘው የግቢውን በር ሲከፍቱ ደረስኩባቸው።

«እማማ፣ ወዴት ነው?»

«ላሜ መውለጃዋ ደርሷል። ማን ያያታል? በእግሬ እገባለሁ።»

«መንገዱ ላይ ምን እንዳለ አያውቁም እኮ።»

«አንቺስ ታውቂያለሽ?»

አላውቅም። ግን በሩን ቆለፍኩና ቁልፉን ጉያዬ ከተትኩት። አማቴ አጥሩ ሥር ቁጭ ብለው በአገውኛ ለራሳቸው ብዙ ተናገሩ። አገውኛ አልሰማም፤ ምን እንዳሉም አልጠየቅኳቸውም።

ከዚያ በኋላ አያናግሩኝም። ምሳ ሳቀርብ ፊታቸውን ወደ ግድግዳው አዙረው ይበላሉ። እኔም ወደ ፐንቸሮቹ እመለሳለሁ። የተሳሉትንም ሳይቀር እንደገና መፍታት ጀመርኩ። አንዱን ስፈታ ሞላው ተፈናጥሮ አልጋ ሥር ገባ። በደረቴ ተኝቼ ስፈልገው ሆድ ባሰኝና እዚያው አለቀስኩ። ሰምተውኝ ነው መሰለኝ፣ አማቴ ጎንበስ ብለው በከዘራቸው ሞላውን ወደ እኔ ገፉልኝ።

መንገዱ ሲከፈት በመጀመሪያው ሚኒባስ አሳፈርኳቸው። ፐንቸሮቹንም ቢሮ መለስኳቸው፤ ወረቀቱን ሳይቀድዱ ይበሳሉ። ኔትወርክ የተመለሰ ዕለት አማቴ ደወሉ። ላሟ ብቻዋን ወልዳ ጥጃው ሞቷል።

«ምን ታደርጊዋለሽ፣ ሆነ» አሉ። «አንቺ ደህና ነሽ?»

ደህና ነኝ አልኳቸው። ስልኩ ከተዘጋ በኋላ የግቢውን በር ቁልፍ አውጥቼ ጠረጴዛው ላይ አስቀመጥኩት።