የአጣቢዋ እንባ

ገጣሚዋን ልጅ ሰፈሩ ወፍጮ ይላታል፤ አፏ አያርፍም። መድረክ ወጥታ በቃሏ የምታወርደው ግጥም ሁሉ ማንም ዞር ብሎ ስለማያያቸው ሠራተኞች ነው። አብራት የምትኖረውን አክስቷን ግን አንድ ነገር ከነከናት። ይቺ ልጅ አዲስ ግጥም በጨረሰች ቁጥር፣ መድረክ ሳትወጣ በፊት ወዴት ነው እልም የምትለው? ወንድ ይሆን?

አንድ ቀን አላስችል ብሏት ተከተለቻት። ልጅቷ በትልቁ ሆቴል የጓሮ በር ገብታ ልብስ ማጠቢያው ክፍል ደረሰች። ማሽኖቹ ሲጮኹ፣ እጇ በበረኪና የተላጠ አንዲት አጣቢ ጆሮ ሥር ሆና ግጥሟን አሰማቻት። ለካ ባለታሪኳ ሳትፈቅድ መድረክ አትወጣም።

"ያምራል፣ የኔ ልጅ" አለች አጣቢዋ ከማሽኖቹ በላይ ጮክ ብላ። "እንባዬን ግን አውጪልኝ። መቼ አለቀስኩ? እኔ የጠየቅኩት ጓንት ነው።"

በር ላይ የተደበቀችው አክስት በገነች። ያቺ የእንባ ስንኝ እኮ ልጅቷ ቤት ስትለማመዳት እሷን ሽንኩርት ሳትልጥ ያስለቀሰቻት ናት።

"እንዲህ ያለ ስንኝ ይጣላል?" አለቻት ቤት ሲገቡ።

"አክስቴ፣ እንባው ያንቺ ነው። ግጥሙ የሷ ነው።"

ቅዳሜ የሆቴሉ አዳራሽ ጢም ብሎ ሞላ። ወፍጮ እንባው የነበረበት ቦታ ስትደርስ ወደ ፊት ወንበሮቹ ዞራ "ጓንት ስጧት" ብላ ወረደች።

አክስቷ መሐረቧን እንደጨበጠች ቀረች። ከፊት የተቀመጡት የሆቴሉ ሥራ አስኪያጅ ለማጨብጨብ ያነሷቸውን እጆቻቸውን አየት አድርገው፣ ቀስ ብለው ኪሳቸው ከተቷቸው።