እስከ ቀትር ያልጠቆረው አቮካዶ

በሰማንያዎቹ መጨረሻ ነው። አባቴ ጥርሱን በሙሉ ያስነቀለ ሰሞን ሰው ፊት መብላትን እርም አለ። የቤተ ክርስቲያናችን ሽማግሌ ነው፤ መዝሙር ሲያስጀምር ድምፁ ከግቢው ውጭ የሚሰማ ሰው፣ በድዱ ሲያላምጥ መታየት ሞት መሰለው። እናቴ ካረፈች ቆይታለች፣ ቤቱ ውስጥ ያለነው እኔና እሱ ነን። ገበታ ሳቀርብ "አንቺ ብዪ፣ እኔ በኋላ" ይላል። አንድ ቀን ቀበቶው ላይ በሚስማር አዲስ ቀዳዳ ሲበሳ አየሁት።

እኔ በሌለሁበት የሚበላው ለስላሳ ነገር ያስፈልገው ነበር። አርባ ምንጭ ደግሞ አቮካዶ አይቸግራትም። ጠዋት ለማስተማር ከመውጣቴ በፊት ልጬ፣ በሹካ አድቅቄ፣ ጨው ነስንሼ በሳህን አስቀምጥለት ጀመር። በቀትር ስመለስ ሳህኑ እንዳለ ነው፤ ላዩ ጠቁሯል።

"አባባ፣ ምነው አልበላህም?"

"እበት ይበላል እንዴ?"

በገንኩ። ጎረቤቶች "ፍሬውን መሃሉ ተዪው፣ አይጠቁርም" አሉኝ፤ ተውኩት። ከፍሬው ሥር ያለችው ብቻ አረንጓዴ ሆና ቀረች። ሲሉ ሰምታ ዶሮ ሞተች ታንቃ ማለት እኔ ነኝ። ሎሚ ጨመቅኩበት፤ ትንሽ ዘገየ እንጂ አልዳነም። ፍሪጅ ያላቸው ሲቀላ ሰፈር ያሉት ጭማቂ ቤቶች ናቸው፤ እኛ ያለን ሙቀት ብቻ ነው።

አንድ ቅዳሜ ቆጮ ልጋግር በእንሰት ቅጠል የተጠቀለለውን ሊጥ ፈታሁ። የሚበቃኝን ቆርሼ የቀረውን እንደ ልማዴ ጠቀጠቅኩ፣ ቅጠሉን ላዩ ላይ አጣበቅኩ፣ ንፋስ እንዳያገኘው። እጄ እዚያው ላይ ቆመ። ከፍሬው ሥር ያለችው አረንጓዴ ሆና የቀረችውም እኮ ንፋስ ስላላገኛት ነው! እጄ ስንት ዓመት ሲያውቀው የኖረውን ጭንቅላቴ አላሰበውም።

ሰኞ ጠዋት አቮካዶውን ሳልቆርጠው አጠብኩ። ቢላውንም፣ ከጓሮ የቀነጠስኩትን የሙዝ ቅጠልም እንዲሁ። በሎሚና በጨው አድቅቄ ኩባያ ሞላሁ፣ አየሩ እንዲወጣ ጠረጴዛው ላይ መታ መታ አደረግኩት። ቅጠሉን እሳት ላይ አለስልሼ ራሱ አቮካዶው ላይ ለጠፍኩና ኩባያውን ጥላ ውስጥ፣ ቀዝቃዛ ውኃ ባለበት ሳፋ ውስጥ አቆምኩት።

ቀትር ላይ እየሮጥኩ መጣሁ። ኩባያው ተጠርጎ ባዶ ነው። ብቻዬን እልልታዬን አቀለጥኩት።

"ምን ሆንሽ?" አለ አባቴ ከውጭ።

"ምንም!"

ከዚያ በኋላ በየጠዋቱ አዲስ ነው የምሠራው፤ ከቀትር የተረፈች ካለች እደፋታለሁ፣ የኛ አገር ሙቀት አይታመንም። ቀበቶው ወደ ድሮ ቀዳዳው ተመለሰ።

አንድ ቀን ስመለስ በረንዳው ላይ አብረውት የሚያገለግሉት ሽማግሌዎች ተቀምጠዋል። አባቴ መሃላቸው ኩባያውን ይዟል። ልቤ ደነገጠ፤ ሰው ፊት ነው።

"ቆዩ፣ አሁን እዩ" አላቸውና ቅጠሉን ከጠርዙ ይዞ በቀስታ ላጠው። አረንጓዴ! አንደኛው ሽማግሌ "ከጠዋት ጀምሮ?" ብለው ጎንበስ አሉ።

አባቴ ማንኪያውን ሞልቶ ጎረሰ፤ እያዩት፣ በድዱ አላመጠ፣ ዋጠ።

"የኔ ልጅ ናት የሠራችው" አለ፣ በዚያ ከግቢ ውጭ በሚሰማው ድምፁ።