የጋሽ አጥናፉ ካርታና የሜላት ላስቲክ

ጋሽ አጥናፉ የሚናደዱበት ነገር አጥተው አያውቁም። ጠዋት በመንገዱ ቁፋሮ ይናደዳሉ፣ ቀን በጎረቤታቸው በወይንሸት ሬዲዮ፣ ማታ ደግሞ ባነር በሚባለው ነገር። እንጀራቸውን የገደለው ባነር ነው። ዕድሜያቸውን ሙሉ የፒያሳን ታፔላ በብሩሽ ሲጽፉ የኖሩ ሰው ናቸው፤ ከራስ መኮንን ድልድይ እስከ ውቤ በረሃ የሳቸው እጅ ያላረፈበት የሱቅ በር ቢፈለግ አይገኝም ነበር። ከዚያ አንድ ማሽን መጣና የማንንም ስም እያተመ ይተፋ ጀመር። «ይጽፋል እንዴ እሱ? ያስመልሳል እንጂ» ይላሉ፤ ይኼን ሲሉ የግንባራቸው ሥር ይገተራል።

ሥራ ሲጠፋ በተረፋቸው የዘይት ቀለም ካርታ ሠሩ። የቁማር እንዳይመስላችሁ፤ ቁማርተኛን ከነጫማው ነው የሚጠሉት። የጫማ ካርቶን እኩል እኩል ቆርጠው በእያንዳንዱ ላይ አንድ የፒያሳ ሱቅ ከነስሙ ሣሉበት። ለወርቅ ቤት ቀለበት፣ ለኬክ ቤት ቁራጭ ኬክ፣ ለፀጉር ቤት መቀስ፣ ለመጻሕፍት መደብር የተከፈተ መጽሐፍ። ጨዋታው ቀላል ነው። ተጫዋቹ በተራው ከክምሩ ወይም ሌላው ከጣለው አንድ ካርታ ያነሳል፣ አንድ ይጥላል፤ አራት አንድ ዓይነት ሱቅ የሰበሰበ «ሰፈሩን ዘጋሁ» ብሎ ጠጠሩን በሰሌዳው ላይ ያራምዳል። ሰሌዳው ራሱ ባለቤቱ ሳይወስደው የቀረ ታፔላ ነው፤ ጀርባው ላይ መንገዶቹን ሥለውበታል።

እሑድ እሑድ ከሰዓት በኋላ ግቢው ውስጥ ሦስት ሆነው ይጫወታሉ። አንዷ ወይንሸት ናት፤ በግቢው በር ላይ ትንሽ ሱቅ አላት፣ ምላሷ አያርፍም። ሌላው አብዱልሃሚድ ነው፤ አትክልት ተራ ሽንኩርት ሲያከፋፍል የኖረ፣ አሁን ሥራውን ለልጆቹ የተወ የጋሽ አጥናፉ የወጣትነት ጓደኛ። አብዱልሃሚድ በጨዋታ ዘመድ አያውቅም። ካርታ በስህተት ብትጥል እጅህ ሳይመለስ ይለቅምብሃል።

ነገሩ ግን ወዲህ ነው። ጋሽ አጥናፉ አያዩም።

ቀኝ ዓይናቸው ከጠፋ ቆየ። ግራዋም ብርሃንና ጥላ ከመለየት ሌላ ሥራ የላትም። ይኼን ለማንም አልተናገሩም፤ ለሐኪም እንኳ። ግቢውን በእግራቸው ያውቁታል፣ ሰውን በድምፁ ያውቁታል፣ ካርታውን ደግሞ በአውራ ጣታቸው። የታፔላ ቀለም ወፍራም ነው፤ ሲደርቅ ያብጣል። የቀለበቱን ክብ፣ የመቀሱን ጫፍ፣ የኬኩን ማዕዘን ጣታቸው ያነበዋል። ሌላው ሰው የጣለውንም ለማወቅ አይቸገሩም፤ ምክንያቱም ወይንሸት አንድ እሑድ ተነስታ «ከዛሬ ጀምሮ የሚጥል ሰው የጣለውን እንደ ወያላ ይጥራ፣ ጨዋታው ሞቅ ይበል» ብላ ደንብ አውጥታለች። ጋሽ አጥናፉ በጩኸቱ ተነጫነጩ እንጂ በሆዳቸው ተመስገን ብለዋል።

ለምን ደበቁ ትሉኝ ይሆናል። በገብረሕይወት ምክንያት ነዋ። ገብረሕይወት እዚያው ግቢ የሚኖር ልብስ ሰፊ ነበር። እግሩ ሲከዳው ልጆቹ መጥተው «አባባ አንተን እዚህ ጥለን አንተኛም» ብለው ከከተማው ዳር ወዳለ ኮንዶሚኒየም ወሰዱት። ሰላምታ የሚሰጠው ሰው እንኳ አጥቶ፣ ግድግዳ ሲያይ እየዋለ ሲያይ እያደረ ብዙ ሳይቆይ ሞተ። ጋሽ አጥናፉ ከቀብሩ ሲመለሱ እርር ብለው ነበር። የሳቸውም ልጅ ሜላት ባንክ ትሠራለች፣ የምትኖረውም ኮንዶሚኒየም አራተኛ ፎቅ ላይ ነው። ካወቀች ትወስደኛለች ብለው ቆረጡ። ከዚህ ግቢ የምወጣው በሬሳ ሳጥን ነው አሉ፣ ለራሳቸው።

ታዲያ አንድ እሑድ ወይንሸት ሻይ ደፋች። አንዱ ካርታ ራሰ፣ ካርቶኑም ተላጠ። ያን ቀን ሜላት አባቷን ልትጠይቅ መጥታ ነበርና አየች።

ሜላት የምትወደውን ነገር ሁሉ በላስቲክ የምትሸፍን ሴት ናት። ሪሞቷ ከነላስቲኩ ነው። ሶፋዋ ከተገዛ ጀምሮ ከነላስቲኩ ነው፤ በበጋ የተቀመጠበት እንግዳ ሲነሳ ሱሪው ይጮኻል። ዲግሪዋ፣ የልደት ወረቀቷ፣ የሟች እናቷ ፎቶ፣ ሁሉም ታሽጓል። አገሩም መቼስ እንዲሁ ነው፤ የከበረብንን ነገር ላስቲክ ካላለበስነው እንቅልፍ አይወስደንም። «አባዬ፣ ለነዚህ ካርታዎች ላስቲክ እንግዛላቸው፤ ለካርታ ተብሎ የሚሠራ አለ» አለች።

ጋሽ አጥናፉ ደማቸው ፈላ። «ካርታዬ በሽተኛ ነው? ምን ሆነ ብለሽ ነው የምትሸፍኚው?»

«ያልቃላ። ሌላ ትሥላለህ?»

አልሥልም ቢሉ ለምን ይባላሉ፤ እሥላለሁ ቢሉ በል ሣል ይባላሉ። ወይንሸትም «ልጅቷ እውነቷን ነው፣ እኔ ነገም መድፋቴ አይቀርም» ብላ ነገሩን አጸደቀች። ወይንሸትን እስከ ማታ ሲራገሙ ዋሉ።

በማግስቱ ሜላት ምሳ ሰዓቷን ይዛ መጣችና ክንዳቸውን ያዘች። ፒያሳ አንድ አሮጌ ሕንፃ ላይ፣ ለወጣቶች የካርታና የሰሌዳ ጨዋታ የሚሸጥ ሱፊያን የሚባል ልጅ አለ። ጋሽ አጥናፉ ደረጃውን እየተሳደቡ ወጡት፤ ሲሳደቡ ቀስ ማለታቸው አይታወቅባቸውም። ለማስለኪያ አንድ ካርታ በኪሳቸው ይዘዋል፣ ቀለበቱ ያለበትን።

ሱፊያን ትሁት ልጅ ነው። «አባቴ፣ ሦስት ዓይነት አለኝ። ይኼ ወፍራሙ ነው፣ ቡና ቢደፋበትም አይበገርም። ይኼ ፊቱ ሸካራ ነው፣ መብራት አያንጸባርቅም። ይኼኛው ስሱ ነው፤ ርካሽ ነው ግን ቶሎ ይቀደዳል፣ አልመክርዎትም።»

ወፍራሙን አስገብተው አውራ ጣታቸውን አሳለፉበት። ምንም የለም። ቀለበቱ የለም፣ ፊደሉ የለም፣ ፒያሳ የለም።

«ይኼ ጎማ ነው» አሉና ወረወሩት። «ልጄ፣ ጎማ የሚገዛ እመስላለሁ?»

ሸካራውን ሞከሩ። ጣታቸው የላስቲኩን ሸካራነት እንጂ ሌላ አላገኘም። «ይኼ ደግሞ ቆዳው የታመመ ነው። የሠራው ሰው ካርታ ይዞ ያውቃል?»

«አባዬ፣ ልጁ ምን አደረገህ» አለች ሜላት።

ስሱ ቀረ። አስገቡና ደጋግመው ዳሰሱት። የቀለበቱን ዳር በጭንቅ አገኙት፤ አሁን ያዙት ሲሉ ይጠፋል፣ ጠፋ ሲሉ ደግሞ አለ። ከምንም ይሻላል ብለው «ይኼ ይሁን» አሉ።

ሱፊያን ሳቅ አለና «ሰው ሁሉ ወደ መብራት ከፍ አድርጎ አይቶ ነው የሚመርጠው፤ እርስዎ ግን በጣት» አለ። ክፋት የለበትም፣ አድናቆት ነው። ጋሽ አጥናፉ ግን ደነገጡ። ሲደነግጡ ደግሞ ይቆጣሉ። «ማየት የት ሄዶ?» አሉና ካርታውን ብርሃን ወደሚመጣበት ወደ መስኮቱ አነሱት። «ይኸው፣ ጥርት ብሎ ይታያል። ቀለበቱም፣ ጽሑፉም።»

ካርታው ተገልብጦ ነበር። ሥዕሉ ወደ ሱፊያን ዞሮ፣ ወደ እሳቸው የዞረው ባዶው የካርቶን ጀርባ ነው።

ሱፊያን አፉን ከፈተ፤ ሜላት በዓይኗ ዘጋችው። «ስሱን እንወስዳለን» አለች። በደረጃው ላይ ክንዳቸውን ከወትሮው ጠበቅ አድርጋ ያዘቻቸው፣ እሳቸውም ምን ሆነች ብለው ተቆጡ።

እሑድ መጣ። ካርታዎቹ ሁሉ ላስቲካቸውን ለብሰዋል፣ ሜላትም ከባለቤቷ ተሰናብታ መጥታ አጠገባቸው በርጩማ ላይ ተቀምጣለች። ሲታደል ጋሽ አጥናፉ ላብ ላብ አላቸው። ሱቅ ውስጥ አንድ ካርታ ይዞ ደጋግሞ መዳሰስ ሌላ ነው፤ በተራ፣ በችኮላ፣ ሰው እየጠበቀ ደግሞ ሌላ። ኬኩን ከመጽሐፉ መለየት አቃታቸው። ላስቲኩ ይንሸራተታል። የቤታቸውን በር ቁልፍ የቀየረባቸው ሰው ያለ ይመስል፣ በገዛ ካርታቸው ላይ ባዕድ ሆኑ።

በግምት አንዱን ጣሉና «ፀጉር ቤት» ብለው ጠሩ።

«ፀጉር ቤት፣ እሺ» አለች ወይንሸት። ድምፅዋ ልስልስ አለባቸው። ወይንሸትና ልስላሴ ደግሞ ተዋውቀው አያውቁም።

አንድ ነገር ጠረጠሩ። ተራቸው እስኪመለስ አንዱን ካርታ ከጠረጴዛው ሥር አድርገው ከላስቲኩ አወጡት፣ በባዶ ጣታቸው ዳሰሱት። ኬክ ቤት ነው፤ የኬኩ ማዕዘን በደንብ ወጋቸው። መልሰው አልከተቱትም። ተራቸው ሲደርስ እርቃኑን ሰሌዳው ላይ ጣሉትና ጮክ ብለው «ወርቅ ቤት» አሉ።

አብዱልሃሚድ፣ በጨዋታ ዘመድ የማያውቀው አብዱልሃሚድ፣ «ወርቅ ቤት፣ እሺ» አለና ሌላ ካርታ አነሳ።

«አብዱልሃሚድ» አሉ ጋሽ አጥናፉ።

«አቤት።»

«ምንድን ነው የጣልኩት?»

«ወርቅ ቤት አልክ።»

«ያልኩትን አልጠየቅኩህም።»

አብዱልሃሚድ ተነፈሰ። «ኬክ ቤት ነው» አለ።

ጆሮ ለባለቤቱ ባዳ ነው ይባላል። ሰፈሩ ሁሉ የሚያውቀውን እሳቸው ብቻ እንደሚያውቁት ሲመኩ ኖረዋል። ሰሌዳውን በሁለት እጃቸው ገፉት፤ ጠጠሩም ካርታውም ድንጋይ ንጣፉ ላይ ተበተነ። «ከመቼ ጀምሮ?» አሉ። «ከመቼ ጀምሮ ነው የምታዝኑልኝ? እናንተ ባለጌዎች፣ እንደ ሕፃን ስታጫውቱኝ ነው የኖራችሁት?»

«አጫውተንዎት አናውቅም» አለች ወይንሸት፣ እሷም በተራዋ ግላ። «ስም መጥራቱን አዎ፣ ለእርስዎ ስል አመጣሁት። ከዚያ ወዲያ ግን አንድ ካርታ ለቅቄልዎት አላውቅም። በጣትዎ ነው ሲያሸንፉን የኖሩት፤ እኔ በዚያ ስንቴ ተቃጥያለሁ። ዛሬ ነው የለቀቅንልዎት፣ እሱም በዚህ የተረገመ ላስቲክ ምክንያት ነው።»

ወደ ሜላት ዞሩ፣ መተንፈሷ ወዳለበት። «አንቺም አውቀሻል።»

«ጠርጥሬ ነበር። ሱቁ ውስጥ አወቅኩ።»

«እንግዲያው ዕቃዬን ሸክፊያ። ምን ትጠብቂያለሽ? አራተኛ ፎቅሽ ላይ አውጪኝና ከሶፋሽ ጋር በላስቲክ ሸፍኚኝ።»

ሜላት ተነሳች። አባቷን ተቆጥታ አታውቅም ነበር። «ማነው እወስድሃለሁ ያለህ?» አለች። «አንድ ቀን ከአፌ ወጥቷል? እኔ ከጠዋት እስከ ማታ ባንክ ነኝ። እዚያ ወስጄህ ማን ካርታ ይጠራልሃል? ማን ጋር ትጣላለህ?»

«ገብረሕይወትን ወስደውታል።»

«እኔ የገብረሕይወት ልጅ ነኝ?»

እዚያም ላይ አላቆመችም። «ትናንት ሐኪም ጋ ሄጄ ጠይቄልሃለሁ። የዓይን ግፊት ሳይሆን አይቀርም አለኝ። የጠፋው አይመለስም፤ በጊዜ ቢመጣ ኖሮ ግን በጠብታ ይያዝ ነበር አለኝ። በጠብታ፣ አባዬ። ማንም ላልነካብህ ቤት ዓይንህን ከፈልክ።»

ጋሽ አጥናፉ የሚሰድቡትን ሰው ፈለጉ። ባነሩን አሰቡ፣ ሱፊያንን አሰቡ፣ የገብረሕይወትን ልጆች አሰቡ። ማንም አልሆን አላቸው። አብዱልሃሚድ ጎንበስ ብሎ ካርታ ይለቅማል፤ ወይንሸት ሬዲዮዋን ሄዳ ዘግታለች።

«ግራዋ ብርሃን ትለያለች» አሉ በመጨረሻ፣ ስድብ በሚመስል ድምፅ።

«ነገ በጠዋት ፈቃድ ወስጄ እመጣለሁ» አለች ሜላት። «ለሷ እንድረስላት። ጫማህን አድርገህ ጠብቀኝ።»

ጋሽ አጥናፉ በእጃቸው ጉልበቷን ፈልገው አገኙትና ያዙት። «ስንጨርስ» አሉ፣ ማንም በዚያ ግቢ ሰምቶት በማያውቅ ቀጭን ድምፅ፣ «ወደዚሁ ነው የምትመልሺኝ?»

ሜላት ያን ጊዜ ነው ያለቀሰችው።