ባለጃኬቱን ስጠራው

ትናንት ኮሎምቢያ ሲቲ ጣቢያ ላይ ባቡር ስሳፈር፣ አጠገቤ የቆመው ሰውዬ በዝናብ የራሰ ቆዳ ጃኬቱ ሸተተኝ። ሳላስበው ጥርሴን ነከስኩ።

ልጅ ሆኜ ሬኒየር ቫሊ የሚባል ሰፈር ስንኖር፣ ጎረቤታችን የአገሩ ነባር ሕዝብ ከሆኑት ከአፓቼዎች ወገን የሆኑ አንዲት ባልቴት ነበሩ። ወንድማቸው ሲሞት ልብሱን ሊያቃጥሉ ግቢው ውስጥ ከመሩት። በእነሱ ባህል የሟች ዕቃ አይቀመጥም፤ ስሙም አይጠራም፤ ከተጠራ ይመጣል ይላሉ። የምንኖርበት ሕንፃ ተቆጣጣሪ ግን ከክምሩ ላይ ቆዳ ጃኬቱን መዝዞ እፊታቸው ለበሰው።

"እንዲህ ያለ ጃኬት ይቃጠላል እንዴ?" ብሎ ሳቀ።

እናቴ ደሟ ፈልቶ፣ "እማማ፣ ፖሊስ ኮል ላድርግልዎት?" አለቻቸው።

"ተዪው ልጄ፣ ባለቤቱ ራሱ ይጠይቀዋል።"

የሞተ ሰው እንዴት ይጠይቃል? እናቴን ብጠይቃት አማተበች። እኔ ግን የጎደለው ሟቹን በስሙ የሚጠራ ሰው ብቻ እንደሆነ ገባኝ።

በማግስቱ ተቆጣጣሪው ጃኬቱን ለብሶ ደረጃውን ሲወርድ፣ ከላይ ሆኜ የሟቹን ስም ጮክ ብዬ ጠራሁ። ዞር አለ።

"ማንን ነው የምትጠሪው?" አለኝ እየሳቀ።

"ባለጃኬቱን" አልኩት። "መጥቷል፤ ከኋላህ ቆሟል።"

ሳቁ ፊቱ ላይ ደረቀ። ከዚያ ወዲያ ባየሁት ቁጥር እጠራ ነበር። ሳምንት ሳይሞላ ጃኬቱን እማማ በር ላይ ጥሎት ሄደ። ሲያቃጥሉት አጠገባቸው ቆሜ እሳቱን ሞቅኩ።

"ከእንግዲህ ወንድሜን አትጥሪው" አሉኝ፤ "ይረፍ።"

ቃላቸውን አክብሬ ያንን ስም ዳግም አላነሳሁም። ተቆጣጣሪውም አምና ሞተ አሉ። የእሱን ስም ግን ጠዋት ጠዋት ጮክ ብዬ እጠራዋለሁ።

አይረፍ።